ባሕር ውስጥ የገባው የ90 ዓመት መዋኛ ገንዳ (እና የእኛው አተልየ)

ሰብለ_ከዚራ፦

ሰላም የድሬ ልጆች፣ ሰላም ሐረሮች።

ክረምቱን እንግሊዝ ነበርኩ፣ እህቴ ጋ። እህቴ ያለችው ፔንዛንስ የምትባል ከተማ ነው። በሀገሪቱ ደቡብ ምዕራብ ጫፍ፣ ኮርንዎል በሚባለው ክፍል። ከለንደን የሚመጣው ሐዲድ እዚያ ነው የሚያልቀው። ከባቡሩ ወርዳችሁ ትንሽ ስትራመዱ ባሕር ነው። ገና ስደርስ "ይሄማ የሸመንደፈር ከተማ ነው" አልኩ፤ ወዲያው ተመቸኝ።

ላወራችሁ የፈለግኩት ግን ስለ አንድ መዋኛ ገንዳ ነው። አትሳቁ።

ስሙ ጁቢሊ ፑል ነው። ቋጥኝ ላይ ተሠርቶ ወደ ባሕሩ ገብቷል። ጣሪያ የለውም። ውሃውም የባሕር ውሃ ነው። የተከፈተው ሜይ 31 ቀን 1935 እ.ኤ.አ. ነው። በእኛ ግንቦት 23 ቀን 1927 መሆኑ ነው። ያን ጊዜ ንጉሣቸው ጆርጅ አምስተኛ የነገሡበትን 25ኛ ዓመት እያከበሩ ስለነበር ስሙም ከዚያ መጣ። ነጭ ግንብ፣ ሰማያዊ ቀለም፣ ዙሪያውን ሰው የሚቀመጥበት እርከን። ቅርጹ ሦስት ማዕዘን ነው፣ ርዝመቱ ወደ 100 ሜትር ይደርሳል።

ዋናው ገንዳ አይሞቅም። እኔ የገባሁት ነሐሴ ላይ ነው፣ ያውም እነሱ "ዛሬ ሙቀት ነው" ባሉበት ቀን። እግሬን ነክሬ ጮህኩ። የድሬ ልጅ ነኛ! ሰማንያ ዓመት የሚሆናቸው አንዲት ሴትዮ ከጎኔ ቀስ ብለው ገቡና እንደ ዳክዬ ሄዱ። ሲወጡ ካፌው ውስጥ ሻይ ጠጣን። በጨዋታ መሀል "እኔ እኮ ባለ አክሲዮን ነኝ" አሉኝ። የሰማሁት ስላልመሰለኝ ደግሜ ጠየቅኳቸው። አዎ፣ የገንዳው ባለ ድርሻ ናቸው።

ነገሩ እንዲህ ነው። በፌብሩዋሪ 2014 የመጣ ማዕበል ገንዳውን ሰባበረው። ሁለት ዓመት ተዘግቶ ቆየ። ለጥገናው ወደ 3 ሚሊዮን ፓውንድ ወጣና በ2016 ተከፈተ። ከዚያ የከተማው ሰው ማኅበር አቋቁሞ ራሱ ያስተዳድረው ጀመር። አሁን የነሱ ነው።

እኔ ዋና የለመድኩት እዚሁ ከዚራ፣ አንድ ሆቴል ገንዳ ውስጥ ነው። ስሙን ተዉት። አባዬ እሁድ እሁድ ይወስደን ነበር። በኋላ ውሃው ተቋረጠ፣ ሸክላው ተነቃቀለ፣ እንቁራሪት ገባበት። ማንም ምንም አላለም። እኔም አላልኩም።

ከእንግሊዝ ከተመለስኩ በኋላ በምድር ባቡሩ ግቢ በኩል ሳልፍ ያቺ ሴትዮ ትዝ አሉኝ። ጥያቄዬ ይሄው ነው፤ አተልየው (የባቡር መጠገኛው)፣ አሮጌዎቹ ሎኮሞቲቮች፣ ለገሃሩ፣ እነዚህ የማን ናቸው?

የመጋላው፦

አቦ ሰብሊ እንኳን ደህና መጣሽ! ግን እኛ እዚህ ቧንቧ ሲመጣ እልል እያልን ጄሪካን እናሰልፋለን፣ አንቺ ስለ ፈረንጅ ገንዳ ታወሪልናለሽ። ባለፈው ሳምንት ሌሊት 9 ሰዓት ተነስቼ ነው ውሃ የቀዳሁት። 100 ሜትር ገንዳ? ወላሂ እኔ ብሆን በበርሜል እቀዳው ነበር።

ሰብለ_ከዚራ፦

የባሕር ውሃ ነው አልኩህ እኮ። ቀድተህ ምን ልታደርግበት ነው፣ ሽሮ ልትሠራበት?

የመጋላው፦

ጨው ይተርፈኛል 😂

ዶራሌ_ነኝ፦

እኔ ሥራዬ ጅቡቲ ነው። የድሬ ልጅ ባሕር ሲያይ የሚሆነውን እዚህ በየጊዜው አያለሁ። መጀመሪያ ዝም ይላል። ከዚያ ይቀምሰዋል። ከዚያ "ውይ እውነትም ጨው ነው" ይላል። ሁሉም ያው ነው።

አንድ ነገር ልጨምር። እንግሊዞች እንዲህ ያለውን ጣሪያ የሌለው ገንዳ ሊዶ ነው የሚሉት። ቃሉ የመጣው ቬኒስ አጠገብ ካለችው ሊዶ ከምትባል ደሴት ነው፤ የባሕር ዳርቻዋ የታወቀ ነበር። ሞቃዲሾም ሊዶ የሚባል የባሕር ዳርቻ አለ። ጣሊያን የሄደበት ሁሉ ስሙን ጥሎ ነው የሚሄደው። ማኪያቶም ከዚያው ነው።

ሲሚንቶ፦

ሲቪል መሐንዲስ ነኝ፣ ስለ ቅርጹ ላውራ። ሦስት ማዕዘን ያደረጉት ለውበት ብቻ አይመስለኝም። ቀጥ ያለ ግድግዳ ማዕበልን ፊት ለፊት ነው የሚቀበለው፣ ጡጫውን በሙሉ። ጫፉ ወደ ባሕሩ የሾለ ግንብ ግን ማዕበሉን ግራና ቀኝ ይከፍለዋል። የመርከብ አፍንጫ ማለት ነው። ሰብለ፣ ማን እንደነደፈው ታውቂያለሽ?

ሰብለ_ከዚራ፦

የከተማዋ መሐንዲስ የነበሩት ካፒቴን ፍራንክ ላተም ናቸው። የባሕር ወፍ ውሃ ላይ ስታርፍ አይተው ነው ቅርጹን ያገኙት ይባላል። አንተ ግን የመርከብ አፍንጫ ማለትህ ገርሞኛል፤ እኔም ከላይ የተነሳ ፎቶ ሳይ ያልኩት እሱን ነው።

ሲሚንቶ፦

ወፏም መርከቧም ያው ውሃ ነው የሚቆርጡት።

ስለ ሆቴሉ ገንዳ ያልሽውን ግን አንብቤ አዘንኩ። ሰው የማያውቀው ነገር አለ። ገንዳን የሚገድለው ባዶ መቀመጡ ነው። ውሃ ሲኖረው ከውስጥ ይገፋል፣ አፈሩ ከውጭ ይገፋል፣ ይመጣጠናሉ። ውሃው ሲወጣ የውጭው ግፊት ብቻውን ይቀራል። ክረምት ላይ አፈሩ ውሃ ከጠጣ ወለሉን ከሥር ሊያነሳው ይችላል። ላዩ ደግሞ የድሬ ፀሐይ ነው። ቀን ይለጠጣል፣ ሌሊት ይኮማተራል። ሸክላው የሚነቃቀለው ለዚህ ነው። አንድ ዓመት ባዶ ያደረ ገንዳ አሥር ዓመት ከተዋኘበት ገንዳ የባሰ ሊጎዳ ይችላል።

ባሕር ዳር ያለው ደግሞ ሌላ ጠላት አለው፣ ጨው። በስንጥቁ ገብቶ ብረቱን ያዝገዋል። ብረት ሲዝግ ያብጣል፣ ሲያብጥ ኮንክሪቱን ይፈነቅለዋል። ስለዚህ እንዲህ ያለ ገንዳ ለ90 ዓመት ቆመ ማለት ለ90 ዓመት አንድ ሰው ስንጥቅ ሲደፍን ኖረ ማለት ነው።

ጡረተኛ_ሸመንደፈር፦

ልጆች እንደምን አመሻችሁ። የልጅ ልጄ ናት አንብባልኝ የምትጽፍልኝ። እኔ 31 ዓመት አተልየ ውስጥ ቶርኖ (ብረት መቅረጫ ማሽን) ላይ የሠራሁ ነኝ።

ሰብለ ልጄ፣ ያ የ2014 ማዕበል ሐዲድም የቆረጠ ነው አይደል? በቴሌቪዥን አይቼው ነበር። ሐዲዱ ከነእንጨቱ አየር ላይ ተንጠልጥሎ፣ ከሥሩ ባሕር። የዚያን ቀን እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ሰብለ_ከዚራ፦

ጋሼ እንደምን አመሹ! አዎ፣ ዶሊሽ የሚባል ቦታ ነው። ወደ ፔንዛንስ የሚወስደው ሐዲድ እዚያ ላይ ባሕሩን ታክኮ ያልፋል። በፌብሩዋሪ 2014 መጀመሪያ ላይ ማዕበሉ የድጋፍ ግንቡን ናደው፣ ኮርንዎል ከዋናው መስመር ተቆረጠች። ሌት ተቀን ሠርተው ኤፕሪል 4 ላይ ባቡሩን አስኬዱት። ሁለት ወር ማለት ነው። እህቴ የዚያን ጊዜ በአውቶቡስ ነበር የምትሄደው፤ እስካሁን ስታማርር ትሰማለች።

ጡረተኛ_ሸመንደፈር፦

ሁለት ወር! እኛም እንዲህ ነበርን እኮ። ጎርፍ ሐዲድ ሲወስድ ሌሊት በመብራት ወጥተን እንጠግን ነበር። ድሬ የቆመችው በሐዲዱ ነው። ባቡሩ በ1902 እዚህ የደረሰው ሐረር ለመውጣት ተራራው አላስኬድ ስላለው ነው። ከተማዋ ከዚያ በኋላ መጣች። አዲስ አበባ የገባው ገና በ1917 ነው። አሥራ አምስት ዓመት ሙሉ መሀል ላይ የነበርነው እኛ ነን። ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው፤ ወረቀታችን ሁሉ በፈረንሳይኛ ስለነበር እንደዚያው ነው የተቀረጸብኝ።

ባሕርንም ያየሁት በዚሁ ባቡር ነው። ማታ ተነስተን ጅቡቲ ጠዋት ገባን። ባሕሩ ጎድሎ ነበር። ጭቃ ብቻ። "ይሄ ነው ባሕር የሚሉት?" ብዬ ተናደድኩ። ከሰዓት ስመለስ ሞልቶ ጠበቀኝ። ያን ቀን ጓደኞቼ የሳቁብኝ ሳቅ ጡረታ እስክወጣ አልቆመም።

የደቻቱን ወንዝ ጎርፍም አትርሱ። ሐምሌ 29 ቀን 1998 ሌሊት የሆነውን ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ውሃ ሲሄድ የማይሄድ መስሎን የሠራነውን ሁሉ ይዞ ይሄዳል። እነዚያ ሰዎች ገንዳቸው ሲፈርስ "በቃ" አለማለታቸው ነው የገረመኝ።

ዶራሌ_ነኝ፦

ጋሼ፣ ባሕሩ እዚህ ዛሬም እንደዚያው ነው። ሲጎድል በእግር ትሄድበታለህ። ይቅርታ፣ ይሄዱበታል።

የጁገሏ፦

ከሐረር ነው። ሰብለ የጻፈችውን ቀን ሳይ አንድ ነገር ብልጭ አለልኝ። በዚያው ዓመት፣ በዚያው በእንግሊዝ ደቡብ ምዕራብ፣ ፕሊመዝ ላይ ቲንሳይድ የሚባል ሌላ የባሕር ዳር ገንዳ ተከፍቷል። ግማሽ ክብ ነው። የተከፈተው ኦክቶበር 2 ቀን 1935። በማግስቱ፣ መስከረም 22 ቀን 1928፣ ጣሊያን መረብን ተሻገረ። እነሱ የዋና ልብስ ሲያጥቡ እኛ ክተት ታወጀብን። ዝም ብዬ ሳስበው ይከብደኛል።

ሰባት ወር ሳይሞላ፣ ሚያዝያ 24 ቀን 1928፣ ንጉሡ በዚሁ ባቡር ተሳፈሩ። በድሬ በኩል አልፈው ጅቡቲ፣ ከዚያ በእንግሊዝ መርከብ። የኤጀርሳ ጎሮው ልጅ መጨረሻ ላይ የተቀመጡት የት ነው? ባዝ። ስሟ ራሱ መታጠቢያ ማለት የሆነ፣ ፍል ውሃ ያላት ከተማ። የኖሩበትን ፌርፊልድ ሃውስ በኋላ ለከተማዋ ሰጡ። ቤቱ አሁንም አለ።

ወደ ጥያቄው ስመለስ። ጁገል፣ በግንብ የታጠረው የሐረር አሮጌ ከተማ፣ በእኛ በ1998 በዩኔስኮ ሲመዘገብ ደስ ብሎን ነበር። ግን ጁገልን ያቆየው መዝገቡ አይደለም። ረመዳን ሲቃረብ ቤቱን የሚቀቡት፣ ነደባውን (ቤት ውስጥ የምንቀመጥበትን መደብ) ቀይ የሚያደርጉት እናቶቻችን ናቸው። ሰው ይኖርበታል። ሰው የወጣበት ቤት ሁለት ክረምት አይችልም፤ በዓይኔ አይቻለሁ።

የመጋላው፦

እሺ ቁም ነገር ልጠይቅ። የፕሊመዙ ገንዳስ ምን ሆነ?

የጁገሏ፦

በ1992 ተዘጋ። አሥር ዓመት ምናምን ባዶውን ተቀመጠ። ሕዝቡ ሲጮህ በ1998 ቅርስ ተብሎ ተመዘገበ፣ በ2005 ታድሶ ተከፈተ። ሁሉም እ.ኤ.አ. ነው።

ሰብለ_ከዚራ፦

የተረፉትን ብቻ ማውራት ልክ አይደለም። በ1930ዎቹ እንግሊዞች 169 ያህል እንዲህ ያሉ ገንዳዎች ሠርተዋል። በኋላ የአውሮፕላን ጉዞ ረከሰ፣ ሰው ለፀሐይ ስፔን መሄድ ጀመረ። ማን በረዶ ውሃ ውስጥ ይገባል? ብዙዎቹ ተዘጉ። ሰሜን ላይ ታይንማውዝ የሚባል ቦታ ያለውን ድንጋይ ሞልተው ደፈኑት። ስኮትላንድ ውስጥ ደግሞ ታርሌር የሚባል አለ፣ ገደል ሥር፣ ፎቶው ብቻ ያስለቅሳል። በ1995 ተዘጋ። በ2007 ከፍተኛው የቅርስ ደረጃ ተሰጠው። ያኔም ማንም አይዋኝበትም ነበር፣ ከዚያ በኋላም ለዓመታት ባዶውን ቆየ።

ስለዚህ "ቅርስ ነው" ተብሎ ወረቀት መሰጠቱ ብቻውን የአህያ ባል ነው፣ ከጅብ አያስጥልም። የፔንዛንሱም እኮ በ1993 ተመዝግቦ ነበር። ማዕበሉ ወረቀቱን አላነበበም።

የመጋላው፦

"ማዕበሉ ወረቀቱን አላነበበም።" አቦ ይመችሽ! ይቺን ሰርቄያታለሁ።

ግን ብሩስ? ብሩን ማን ሰጠ? እዚያ ፓውንድ አለ፣ እዚህ የለም። እኔ የምፈራው ሁልጊዜ እንዲህ ያለ ወሬ መጨረሻው "መንግሥት ያድርግ" ነው። ወይም አንዱ ባለሀብት መጥቶ አጥር ያጥርበታል፣ እኛ ከውጭ እናያለን።

ሰብለ_ከዚራ፦

ለጥገናው የወጣው አብዛኛው የመንግሥት ገንዘብ ነበር፣ አልዋሽህም። ከዚያ በኋላ ግን አክሲዮን ሸጠው ከግማሽ ሚሊዮን ፓውንድ በላይ ሰብስበዋል። አንድ ሰው አንድ ድምፅ ነው። ብዙ የገዛም ትንሽ የገዛም እኩል ይመርጣል። ለዚህ ነው ማንም አጥር ሊያጥርበት የማይችለው።

ገንዘቡን ቀለም ብቻ አልቀቡበትም። ከገንዳው ጥግ 410 ሜትር ጉድጓድ ቆፍረው ከመሬት ሙቅ ውሃ አገኙ። የአውሮፓ ኅብረት የልማት ፈንድም ረድቷቸዋል። አንዷን ጥግ ከፍለው በ30 እና በ35 ዲግሪ መሀል የምትሞቅ ትንሽ ገንዳ አደረጓት። ሴፕቴምበር 2020 ተከፈተች። በዚህ ምክንያት በብርዱ ወራትም ገቢ አላቸው። እኔ? እኔ ከዚያች ገንዳ አልወጣ ብዬ እህቴ ነው ጎትታ ያወጣችኝ።

ሲሚንቶ፦

ኮርንዎል ከሥሩ ግራናይት ነው። ግራናይቱ ውስጥ ዩራኒየምና ቶሪየም የሚባሉ ንጥረ ነገሮች አሉ፤ ቀስ እያሉ ሲበሰብሱ ሙቀት ይሰጣሉ። እሳተ ገሞራ ሳይኖር ድንጋዩ የሚሞቀው ለዚህ ነው። እኛ እኮ ስምጥ ሸለቆ አፍ ላይ ቁጭ ብለናል። ሶደሬ ማን ቆፈረ? ራሱ ፈልቶ ወጣ። ኤረርም ፍል ውሃ አለ። እነሱ 410 ሜትር ወርደው ያመጡትን እኛ እግራችን ሥር እንረግጠዋለን።

የመጋላው፦

ለድሬ ሰው ሙቅ ገንዳ ልትሸጥ ነው? በግንቦት? ያመሃል?

ሲሚንቶ፦

ለሐረሮች ነው 😀

የጁገሏ፦

እኛን ተወን። እኛ የሐሮማያን ሐይቅ ደርቆ ያየን ሰዎች ነን። ከልጅነቴ ከማስታውሰው ሐይቅ አንድ ጊዜ የቀረው ከብት የሚግጥበት ሜዳ ነበር። በየማሳው ሞተር ተጥዶበት፣ ደለል ሞልቶበት፣ ሁሉም "የኔ" ሲለው ማንም ሳይጠብቀው ሄደ። የሐረር ውሃ ከዚያ በኋላ ከናንተ በኩል እየተገፋ ነው ሽቅብ የሚመጣው። አሁን ሐይቁ ተመልሷል፣ አልሐምዱሊላህ። ስታዩት ግን እንደ ድሮ አታምኑትም።

ጡረተኛ_ሸመንደፈር፦

የአክሲዮኑን ነገር የልጅ ልጄ ሁለቴ አነበበችልኝ። እኛ ይሄን ዕድር ነው የምንለው። በሠራተኞቹ ዕድር ድንኳን ገዝተናል፣ ወንበር ገዝተናል፣ ስንቱን ቀብረናል። ለሰው የሆነ ለማሽን አይሆንም ያለ የለም። ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ...

የመጋላው፦

...ለሃምሳ ሰው ጌጡ። ጋሼ፣ ተረቱ ልክ ነው፣ ግን አተልየው የኛ አይደለም እኮ። የመንግሥት ነው። የሌላ ሰው ንብረት ላይ ዕድር አይቋቋምም።

ጡረተኛ_ሸመንደፈር፦

ልክ ነህ ልጄ። ንብረቱ የኛ አይደለም። ቁልፉም የኛ አይደለም። እጁ ግን የኛ ነው። እዚያ ውስጥ ያለው ቶርኖ ስሙ የተጻፈው በፈረንሳይኛ ነው፤ የቱ እጀታ የቱን እንደሚያንቀሳቅስ የምናውቀው ስንት ሰው ቀረን? በጣቴ እቆጥርልሃለሁ፣ አንዱ እጄ ይበቃኛል። ቅርሱ ብረቱ ከሆነ ብረቱ አለ፣ አይጠፋም። እኛ ስንሄድ ግን ማን ይነካዋል? ውሃ የሌለው ገንዳ ማለት እሱ ነው።

ሲሚንቶ፦

ጋሼ፣ ይሄ መቀረጽ አለበት። በቪዲዮ። እጅዎ ሲሠራ፣ እያንዳንዱ እጀታ። እኔ ካሜራ አለኝ። ትራይፖድም አለኝ።

ሰብለ_ከዚራ፦

እኔ እጽፋለሁ። ፈረንሳይኛውን ዶራሌ ይተረጉምልናል፣ ጅቡቲ ቁጭ ብሎ ማኪያቶ ከሚጠጣ።

ዶራሌ_ነኝ፦

ወላሂ እተረጉማለሁ። ፎቶውን ላኩልኝ፣ ጽሑፉ ይታይ ግን፤ ከሩቅ አታንሱ።

የጁገሏ፦

እኔም እወርዳለሁ። ጠዋት ሚኒባስ ይዤ 3 ሰዓት እደርሳለሁ። ለጋሼ ሐሸር ቃህዋ አመጣለሁ።

ጡረተኛ_ሸመንደፈር፦

እንግዲያው ቅዳሜ 3 ሰዓት ለገሃር በር ላይ። ለጥበቃው አስቀድሜ እናገራለሁ፤ ፈቃድ ከሰጡን እንገባለን፣ ከከለከሉን ከበሩ ፊት ለፊት ሻይ ቤት ቁጭ ብለን በወረቀት እሥልላችኋለሁ። መታወቂያ ያዙ።

የመጋላው፦

እኔም አለሁ፣ ውሃ ካልመጣ። ጋሼ፣ የዋና ልብስ ላምጣ?

ጡረተኛ_ሸመንደፈር፦

ቱታ አምጣ። ግሪስ አለ።